ዘይትና ነፋስ በአንድ ርስት

ቴክሳስ የነዳጅ ዘይት አገር ሆና ሳለች፥ ከአሜሪካ ግዛቶች ሁሉ ይልቅ ብዙ ኤሌክትሪክ ከነፋስ የምታመነጨው እርሷ መሆኗ ስለ ምን ነው? ይህ ጥያቄ በተነሣ ቁጥር፥ ቅዳሴ ወጥቶ ቡና በሚጠጣበት አዳራሽም ቢሆን በሥራ ቦታም ቢሆን፥ ከሁለት ወገን ሁለት መልስ ይሰማል። አንደኛው ወገን የዘይቱ ዘመን እያለፈ ስለ ሄደ ግዛቲቱ ንስሐ እንደ ገባ ሰው ፊቷን ከዘይት ወደ ነፋስ መለሰች ይላል፤ ሁለተኛው ወገን ደግሞ ነፋሱ በፌዴራል መንግሥት ገንዘብ ተደግፎ የመጣ እንግዳ ነገር ነው፥ የቴክሳስ ሀብት ዘይትና ጋዝ ብቻ ነው፥ በ2021 የፌብሩዋሪ ውርጭ መብራት ያጣነውም የነፋስ ተርባይኖቹ በረዶ ይዟቸው ስለ ቆሙ ነው ይላል። (በዚህ ሐተታ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቈጣጠር ናቸው።) እኔ ሁለቱም መልሶች ከእውነቱ የራቁ ናቸው ብዬ አምናለሁ፤ ሁለቱም የቆሙት በአንድ ስሕተት ላይ ነውና፥ ይኸውም ዘይትና ነፋስ አንዱ ሲነግሥ ሌላው የሚሻርባቸው ባላንጣዎች ናቸው የሚለው ግምት ነው።

ከሁሉ አስቀድሞ አንድ ተራ የሚመስል ነገር መለየት ያስፈልጋል። ከቴክሳስ ጉድጓድ የሚወጣው ድፍድፍ ዘይት ተጣርቶ የሚሄደው ወደ መኪና፥ ወደ አውሮፕላን፥ ወደ መርከብና ወደ ኬሚካል ፋብሪካ ነው፤ ለመብራት ተብሎ የሚቃጠለው ከቍጥር አይገባም። የግዛቲቱን ዐቢይ የኤሌክትሪክ መረብ የሚያስተዳድረው ኤርኮት የተባለው ድርጅት በ2020 ካስተላለፈው ኃይል ውስጥ ከመቶ 46 እጅ ከተፈጥሮ ጋዝ፥ 23 እጅ ከነፋስ፥ 18 እጅ ከድንጋይ ከሰል፥ 11 እጅ ደግሞ ከኑክሌር የተገኘ ነበር፤ ነፋስ ከድንጋይ ከሰል የበለጠበት የመጀመሪያው ዓመትም ይኸው ነው። እንግዲህ በአውራ ጎዳና ዳር ባለ ሦስት ክንፉን ተርባይን አይቶ የዘይት ነገር አበቃለት ብሎ የሚደሰተውም ሆነ በዚሁ የሚቈጣው፥ ነፋሱ የሚወዳደረው ከከሰሉና ከጋዙ ጋር መሆኑን ዘንግቶታል። እንዲያውም ተርባይኖቹ በረድፍ በረድፍ በተተከሉባቸው በእነዚያው ዓመታት የቴክሳስ ዘይት ከቀድሞው ሁሉ አልፎ በቀን ከ5 ሚሊዮን በርሜል በላይ ደርሷል፤ ይህም ከመላው አሜሪካ ምርት ከመቶ 40 እጅ ይበልጣል። ሁለቱ አብረው ያደጉበት ምክንያት ምንድን ነው? የእኔ መልስ፥ ሁለቱም የአንድ መሬት ሕግና የአንድ አስተዳደር ልጆች ስለ ሆኑ ነው የሚል ነው፤ ሁለቱንም ያሳደጋቸውም ሆነ የጐዳቸው መንገዱ በማን ገንዘብ እንደ ተሠራና ሥርዐቱ በማን እንደ ተጠበቀ ነው።

ከርሠ ምድርና ገጸ ምድር

የቴክሳስን ነገር ለማስተዋል ከመሬቱ ሕግ መነሣት ይገባል። ግዛቲቱ በ1845 ወደ አሜሪካ ኅብረት ስትገባ የመንግሥት መሬቷን ለፌዴራሉ መንግሥት አላስረከበችም፤ በመሆኑም ከሌሎቹ የምዕራብ ግዛቶች ተለይታ ምድሯ ጥቂቱ ሲቀር የግል ይዞታ ሆኗል። በእኛ አገር ሕግ ከመሬት በታች ያለው ሀብት የመንግሥትና የሕዝብ ሲሆን በዚያ ግን የባለ መሬቱ ነው፤ ባለ መሬቱም ቢፈልግ ገጸ ምድሩን ለራሱ አስቀርቶ ከርሠ ምድሩን ብቻውን ሊሸጥ፥ ወይም መሬቱን ሸጦ ከርሠ ምድሩን ሊያስቀር ይችላል። አባቶቻችን ርስትና ጉልት ብለው በአንድ መሬት ላይ ሁለት ዐይነት መብት ይለዩ እንደ ነበር የሚያውቅ አንባቢ ይህን ለመረዳት አይቸገርም፤ አራሹ አንድ፥ ከመሬቱ የሚጠቀመው ሌላ ሊሆን ይችላል፤ በቴክሳስ ሕግም የከርሠ ምድሩ ባለቤት ዘይቱን ለማውጣት የሚያስፈልገውን ያህል በገጸ ምድሩ ላይ የመግባትና የመሥራት መብት አለው።

በዚህ ሕግ ጥላ ሥር ነው እንግዲህ ጃንዋሪ 10 ቀን 1901፥ በቦሞንት ከተማ አጠገብ ስፒንድልቶፕ በሚባል ጕብታ ላይ፥ ከድልማጥያ ምድር የፈለሰው መሐንዲስ አንቶኒ ሉካስ ያስቈፈረው ጉድጓድ የመቆፈሪያውን ቧንቧ ወደ ላይ ወርውሮ፥ ጭቃና ጋዝ ተፍቶ፥ በመጨረሻም ጥቁሩን ዘይት ከማማው ራስ በላይ ያስወነጨፈው፤ እስኪገታም ድረስ ዘጠኝ ቀን ሙሉ ፈሰሰ። ከ22 ዓመት በኋላ ደግሞ በምዕራብ ቴክሳስ፥ ለከብት የሚሆን ሣር እንኳ በሚያጥርበት በረሓ፥ ለግዛቲቱ ዩኒቨርሲቲ ተብሎ በተከለለው መሬት ላይ ሳንታ ሪታ የተባለው ጉድጓድ ዘይት ሰጠ። ስሙ ከየት እንደ መጣ ሲነገር ደስ ይላል፤ ገንዘባቸውን በዚህ አጠራጣሪ ሥራ ላይ ያዋሉ ካቶሊካውያን ሴቶች የማይቻለውን ነገር ለሚለምኑ አማላጅ ወደ ሆነችው ወደ ቅድስት ሪታ እንዲማፀን መክረውት፥ ሥራውን የሚመራው ፍራንክ ፒክሬል ከማማው ጫፍ ወጥቶ የደረቀ ጽጌ ረዳ በትኖ ጉድጓዱን በእርሷ ስም ሰየመው። ከዚያ መሬት የሚገኘው ገቢ የሚጠራቀምበት ቋሚ ፈንድ እስከ ዛሬ የቴክሳስ ዩኒቨርሲቲንና የቴክሳስ ኤ ኤንድ ኤም ዩኒቨርሲቲን ይረዳል፤ በኦስቲንና በኮሌጅ ስቴሽን የሚማሩ የወገኖቻችን ልጆችም ከዚያ በረሓ በረከት ተካፋዮች ናቸው።

ነገር ግን ከርሠ ምድሩ የግል መሆኑ ብቻውን ሀብትን እንደማይጠብቅ ቴክሳስ ራሷ በመከራ ተምራለች። በጊዜው ሕግ ዘይቱ ከጎረቤት መሬት ሥር የመጣ ቢሆን እንኳ በራሱ ጉድጓድ የሳበው ሰው ባለቤት ይሆን ነበርና፥ በ1930 ዳድ ጆይነር የሚባለው ሰው በምሥራቅ ቴክሳስ ታላቁን የዘይት መስክ በከፈተ ጊዜ እያንዳንዱ ባለ መሬት ጎረቤቱ ሳይቀድመው ለመሳብ ሲሽቀዳደም ጉድጓድ በጉድጓድ ላይ፥ ማማ በማማ አጠገብ ቆመ፤ ዋጋውም እየወደቀ ሄዶ በ1931 በርሜሉ በ10 ሳንቲም እስከ መሸጥ ደረሰ። አገረ ገዥው ሮስ ስተርሊንግ በዚያው ዓመት በኦገስት ወር በዘይቱ መስክ የጦር ሕግ ዐውጆ ወታደር ልኮ ጉድጓዶቹን አዘጋ። ከዚያም በኋላ፥ በ1891 የባቡር ኩባንያዎች ከገበሬው ያለ ልክ እንዳያስከፍሉ ለመቈጣጠር ተቋቁሞ የነበረው የባቡር ሐዲድ ኮሚሽን ለእያንዳንዱ ጉድጓድ በወር የሚወጣውን ልክ እየወሰነ እስከ 1972 ድረስ የዓለምን የዘይት ዋጋ ሲያጸና ኖረ፤ ኦፔክን የመሠረቱት ሰዎችም ሥራቸውን ያስተካከሉት የእርሱን አርአያ አይተው ነው። ስለ ቴክሳስ ነጻ ገበያ የሚነገረውን ታሪክ የሚወድ ሰው ይህን ምዕራፍ ዘልሎ ማለፍ አይገባውም፤ ዘይቱን ከራሱ ባለቤቶች ስግብግብነት ያዳነው በሕዝብ የተመረጡ ሦስት ኮሚሽነሮች የጻፉት ሥርዐት ነውና።

የነፋሱም ነገር ከዚሁ መሬት የበቀለ ነው። ከዳላስ ተነሥቶ በ20ኛው አውራ ጎዳና ወደ ምዕራብ የተጓዘ ሰው፥ ይልቁንም በዚያ መንገድ ጭነት የሚያመላልሱ ወገኖቻችን፥ አቢሊንን አልፈው ወደ ስዊትዋተርና ወደ ሮስኮ ሲቃረቡ የሚያዩትን ያውቁታል፤ በቀይ አፈር ላይ የጥጥ ትልም ተዘርግቶ፥ በትልሙ መካከል የዘይት መሳቢያው ብረት እንደሚሰግድ ሰው ራሱን ከፍ ዝቅ እያደረገ፥ ከእርሱ በላይ ደግሞ ነጫጭ ክንፎች በዝግታ ይዞራሉ፤ ሲመሽም በየተርባይኑ ራስ ላይ ያሉት ቀያይ መብራቶች ሁሉ በአንድነት በርተው በአንድነት ይጠፋሉ። እኔ በዚያ ሳልፍ መኪናዬን አቁሜ ብዙ ጊዜ ተመልክቻለሁ። ያ የዘይት መሳቢያ አያቱ ከርሠ ምድሩን ሸጦበት ለነበረ የጥጥ ገበሬ ምንም አይሰጠውም፤ ነፋሱ ግን የገጸ ምድሩ ነውና ኪራዩ ለእርሱ ይከፈላል። በሮስኮ ዙሪያ ያሉ ገበሬዎች ድርቅ ጥጡን በሚያቃጥልበት ዓመት እንኳ የሚገባ ገቢ በማግኘታቸው 627 ተርባይኖች በማሳቸው እንዲተከሉ ፈቀዱ፤ በ2009 ሲጠናቀቅም 781 ሜጋዋት የሚያመነጨው ይህ መስክ በዓለም ከነበሩት ሁሉ ትልቁ ሆነ። እነዚህ ሰዎች ዘይትን የሚጠሉ አይደሉም፤ መሬታቸው የሚሰጣቸውን ሁለተኛውን ፍሬ የለቀሙ ናቸው።

መንገዱን የሠራው ማን ነው?

ዳሩ ግን ነፋስና ፈቃደኛ ገበሬ መኖራቸው ብቻ ለነገሩ አይበቃም፤ ነፋሱ በምዕራብ፥ ሕዝቡ በምሥራቅ ነውና። በ1999 አገረ ገዥ ጆርጅ ቡሽ የፈረሙት ሕግ የኤሌክትሪክን ንግድ ለውድድር ሲከፍት፥ በዚያው ሕግ ውስጥ በ2009 ግዛቲቱ 2,000 ሜጋዋት አዲስ ታዳሽ ኃይል እንዲኖራት አዝዞ ነበር፤ ይህም ከተቀጠረለት ጊዜ ቀድሞ ተፈጸመ። ከዚያ በላይ ለመሄድ ግን እንቅፋት ገጠመ። ነጋዴው ማስተላለፊያ መስመር ሳይኖር ተርባይን አልተክልም አለ፤ የመስመሩም ባለቤት ተርባይን ሳይኖር መስመር አልዘረጋም አለ። ያለው መስመር የማይበቃ በመሆኑ በ2009 ነፋሱ ሊሰጥ ይችል ከነበረው ኤሌክትሪክ ከመቶ 17 እጁ ክንፎቹን በማቆም ሳይመነጭ ቀርቷል፤ ነፋሱ እየነፈሰ፥ በዳላስ ሰው ለመብራቱ ውድ ዋጋ እየከፈለ ማለት ነው።

ይህን ቋጠሮ የፈታው ገበያው አልነበረም። በ2005 የግዛቲቱ ምክር ቤቶች ባወጡትና አገረ ገዥ ሪክ ፔሪ ባጸደቁት ሕግ መሠረት የሕዝብ አገልግሎት ኮሚሽን ነፋስ የሚበዛባቸውን አካባቢዎች ለይቶ፥ በ2008ም መስመሩ ተርባይኑን ሳይጠብቅ እንዲቀድም ወሰነ፤ 3,600 ማይል ያህል ርዝመት ያለው፥ 18,500 ሜጋዋት የሚሸከም፥ ወደ 7 ቢሊዮን ዶላር የሚጠጋ ወጪ የጠየቀው ይህ ሥራ በ2014 መባቻ ተጠናቀቀ። ወጪው በመረቡ በሚጠቀም ሰው ሁሉ ላይ ተከፋፈለ፤ የመብራት ቢሉን ገልጦ በጥንቃቄ የሚያነብ ሰው ኃይሉን ከሸጠለት ኩባንያ ሂሳብ ሌላ የማስተላለፊያና የማከፋፈያ ክፍያ የሚል መስመር ያገኛል፥ ከዚያ ውስጥ ጥቂቱ የእነዚያ ምሰሶዎች ዋጋ ነው። ፍሬውም ወዲያው ታየ፤ በከንቱ ይቀር የነበረው ነፋስ በ2014 ከመቶ አንድ እጅ በታች ወረደ፤ ስለ አየር ንብረት ምንም የማይጨነቁት ሰዎች ያወጡት ሕግ ስለ አየር ንብረት እጅግ ከሚጨነቁት ግዛቶች ሁሉ የበለጠ ነፋስ አስገኘ። በኋላ ፀሐይ ስትመጣም፥ ከ2020 ወዲህም ታላላቅ ባትሪዎች በብዛት ሲተከሉ፥ የተዘረጋው መንገድ ጠበቃቸው። እኔ የቴክሳስን የነፋስ ታሪክ ሳነብ ልቤን ከሁሉ ይልቅ የሚነካው ይህ ነው፤ አንድ ወግ አጥባቂ መንግሥት የሕዝብን ገንዘብ በሕዝብ መንገድ ላይ ለማዋል አላፈረም፥ ያንንም ባያደርግ ኖሮ የሮስኮ ነፋስ ዛሬም ጥጡን እያወዛወዘ ብቻ ያልፍ ነበር።

የፌብሩዋሪው ሌሊት

የዚያኑ ሥርዐት ሌላ ገጽታ ደግሞ በ2021 አየነው። ፌብሩዋሪ 15 በፈረንጅ አቈጣጠር ከሌሊቱ ሁለት ሰዓት ሊሆን ጥቂት ደቂቃ ሲቀረው፥ ሰው ሁሉ በተኛበት፥ በመረቡ ላይ ያለው ኤሌክትሪክ በሰከንድ 60 ጊዜ መመላለስ ሲገባው ከ59.4 በታች ወረደ፤ በዚያ ሁኔታም 4 ደቂቃ ከ23 ሰከንድ ቈየ። ዘጠኝ ደቂቃ ቢሞላው ኖሮ ማመንጫዎቹ ራሳቸውን ለማዳን በየተራ ተነቃቅለው መላው ቴክሳስ ለሳምንታት በጨለማ በዋለች ነበር። ይህን ለመከላከል ኤርኮት 20,000 ሜጋዋት የሚያህል ተጠቃሚ እንዲቈረጥ አዘዘ፤ ከ4 ሚሊዮን ተኩል የሚበልጥ ቤትና የንግድ ቦታ መብራት አጣ። የግዛቲቱ የጤና መሥሪያ ቤት የቈጠረው ሟች 246 ነው፤ በሂዩስተን ከሞቱት መካከል የእኛው ወገኖች ይገኙባቸዋል።

በእኔ ቤት በሁለተኛው ቀን በወጥ ቤቱ መስኮት ላይ የቀረው ብርጭቆ ውኃ እስከ ግርጌው በረዶ ሆኖ አገኘሁት። ጎረቤታችን የሆኑ አንዲት እናት ዘንድ ስልክ ደውዬ እንዴት አደሩ ስላቸው፥ ቡና ሊያፈሉበት የሚያስቀምጡትን የከሰል ምድጃ ወደ መኝታ ቤት አስገብተው ልጆቹን በዙሪያው ሰብስበው ነበር። «እትዬ፥ ስለ እግዚአብሔር ምድጃውን አሁኑኑ ወደ ውጭ ያውጡት፥ መስኮቱንም ይክፈቱት» ብላቸው፥ «ልጄ፥ መስኮቱን ከፍቼ በብርድ ልፍጃቸው እንዴ?» አሉኝ። አገር ቤት ጭስ በሣር ክዳኑ በኩል እያለፈ ይወጣል፤ እዚህ ግን ቤቱ እንደ ሣጥን የተደፈነ ነውና የከሰሉ መርዝ በዝምታ ይገድላል። እንደ እግዚአብሔር ቸርነት ሰሙኝ፤ ያልሰሙም ነበሩ።

በዚያ ሳምንት ውስጥ ገና መብራቱ ሳይመለስ፥ ጥፋቱ የነፋስ ተርባይኖች ነው የሚለው ቃል በየቴሌቪዥኑ ተሰማ፤ ለምስክርነትም ሄሊኮፕተር በረዶ ሲያራግፍለት የሚታይ የተርባይን ሥዕል ከእጅ ወደ እጅ ተላለፈ፥ ሥዕሉ ግን የተነሣው ከዓመታት በፊት በስዊድን ነበር። በኋላ የፌዴራል መርማሪዎች ባወጡት ዘገባ መሠረት በዚያ ውርጭ ከተሰናከሉት ማመንጫዎች ከመቶ 58 እጁ በጋዝ የሚሠሩ፥ 27 እጁ የነፋስ ነበሩ፤ የኤርኮትም የክረምት እቅድ ከነፋስ ይጠብቅ የነበረው ቀድሞውኑ ጥቂት ነበር፥ እምነቱን የጣለው በጋዙ ላይ ነበርና። የጋዙ ጉድጓዶች ራሳቸው በረዶ ሠሩ፤ ጋዙን የሚገፉት መሣሪያዎች በኤሌክትሪክ የሚሠሩ ሲሆኑ ባለቤቶቻቸው መቈረጥ የማይገባቸው መሆናቸውን ስላላስመዘገቡ ኤሌክትሪኩ ከሌሎች ጋር ተቈረጠባቸው፤ ጋዝ ሲቀር ማመንጫው ቆመ፥ ማመንጫው ሲቆም ደግሞ የበለጠ ጋዝ ቀረ። በቤይ ሲቲ አጠገብ ካሉት ሁለት የኑክሌር ማመንጫዎች አንዱ የቆመው ግፊትን የሚለካ ቀጭን ቱቦ በረዶ ስለ ያዘው ነው። ከሰሉም፥ ጋዙም፥ ነፋሱም፥ ኑክሌሩም በአንድ ምክንያት ወደቁ፤ ለብርድ የሚገባቸውን ልብስ የሚያለብሳቸው ሕግ አልነበረምና። እነዚሁ ዐይነት ተርባይኖች ከቴክሳስ እጅግ በሚበርደው በአዮዋና በሚኒሶታ ይዞራሉ፤ በቴክሳስ ጫፍ ያለችው ኤል ፓሶ ደግሞ፥ ከ2011 ውርጭ በኋላ የተሰጠውን ምክር ሰምታ ማመንጫዋን ስላስለበሰችና ከምዕራቡ የአሜሪካ መረብ ጋር የተያያዘች ስለ ሆነች፥ ያን ሳምንት መብራቷ ሳይጠፋ ዐለፈች ማለት ይቻላል። ምክሩ ለሁሉም በአንድ ቀን ነበር የተሰጠው።

የኤሌክትሪክ መረቡ ከጎረቤት ግዛቶች ጋር የተያያዘው በጥቂት ቀጫጭን መስመሮች ብቻ የመሆኑ ምክንያትም እዚህ ላይ ይገባል። በ1935 የወጣው የፌዴራል ሕግ ከግዛት ወደ ግዛት የሚሸጥ ኤሌክትሪክን በፌዴራል ቍጥጥር ሥር ስላደረገ፥ የቴክሳስ ኩባንያዎች ሽቦአቸው ወሰን እንዳይሻገር ተጠነቀቁ፤ ኤርኮትም በ1970 የተቋቋመው በዚሁ መንፈስ ነው። ይህ ነጻነት መልካም ነገር አስገኝቷል፥ የነፋሱ መስመር በጥቂት ዓመታት የተሠራው የብዙ ግዛቶችን ፈቃድ መለመን ስላላስፈለገ ነው፤ በዚያ ሌሊት ግን ዋጋውን የከፈሉት ነጻነቱን የወሰኑት ሰዎች አልነበሩም። ቤተሰብ በደህናው ጊዜ 12 ሳንቲም ያህል ይከፍልበት የነበረው አንድ ኪሎዋት ሰዓት፥ በጅምላው ገበያ ዋጋው 9 ዶላር ሆኖ ለቀናት ቈየ፤ የጅምላውን ዋጋ በቀጥታ የሚያስከፍል ኮንትራት ፈርመው የነበሩ ቤተሰቦች በሺህ የሚቈጠር ዶላር ተጠየቁ።

የሚቃወሙትም የያዙት እውነት አለ

ነፋሱን የሚቃወሙ ሰዎች ሁለት ብርቱ ነገር አላቸው፥ ሁለቱም መሰማት ይገባቸዋል። የመጀመሪያው የድጎማው ነገር ነው። ከ1992 ጀምሮ ነፋስ ለሚያመነጨው ለእያንዳንዱ ኪሎዋት ሰዓት የፌዴራል የግብር ቅናሽ ሲያገኝ ቈይቷል፤ በዚህም ምክንያት ሌሊት ነፋስ በሚበረታበትና ተጠቃሚ በሚያንስበት ጊዜ ዋጋው ከዜሮ በታች ወርዶ፥ እሳታቸውን ለማጥፋት የማይችሉት ማመንጫዎች ይከስራሉ። ይህ እውነት ነው። ነገር ግን ዘይቱም ከ1926 እስከ 1969 ከገቢው 27 ከግማሽ በመቶ ከግብር ነጻ እየተደረገለት ያደገ ነው፤ ከ1980 ጀምሮም ከጠንካራ ዐለት የሚወጣ ጋዝ የራሱ የግብር ቅናሽ ነበረው፥ የግሪክ ስደተኛ ልጅ የነበሩት የጋልቬስተኑ ጆርጅ ሚቼል በፎርት ዎርዝ ዙሪያ በሚገኘው የባርኔት ዐለት ላይ ሃያ ዓመት ያህል ሲደክሙ የመንግሥት እርዳታ ከአጠገባቸው አልራቀም። በቴክሳስ ምድር ያለ መንግሥት ጡት ያደገ የኃይል ዐይነት እኔ አላውቅም።

ሁለተኛው ነገር የበለጠ ይከብዳል። ነፋስ እንደ ወደደ ይነፍሳል፥ ፀሐይም ትጠልቃለች። በምዕራቡ ሜዳ ነፋሱ የሚበረታው ሌሊት ሲሆን፥ የባሕሩ ዳርቻ ነፋስ ግን ከቀትር በኋላ ሙቀቱ በጸናበት ሰዓት ይነሣል፤ ፀሐይ ቀኑን ትሞላለች፥ ባትሪውም ፀሐይ ከጠለቀች በኋላ ያሉትን ጥቂት ሰዓቶች ይሸከማል። በኦገስት ሙቀት ይህ መፈራረቅ ግሩም ሆኖ ሲሠራ አይተናል። ሰማዩ ደመና ሆኖ፥ ነፋሱ ጸጥ ብሎ፥ ውርጩ አራትና አምስት ቀን በሚጸናበት ክረምት ግን የጥቂት ሰዓት ባትሪ አይበቃም፤ ስለዚህ ጋዝ ይቅር የሚለውን ሰው እኔ አልከተለውም፥ በዚያ ሌሊት ልጆች በምድጃ ዙሪያ ተሰብስበው ያደሩበትን ቤት አውቃለሁና። ነገር ግን ጋዝ አስፈላጊ ነው ማለት ጋዝ ከሕግ በላይ ነው ማለት አይደለም። በ2021 ከጥፋቱ በኋላ በወጣው ሕግ ማመንጫዎቹ ለብርድ እንዲዘጋጁ በብርቱ ሲታዘዙ፥ የባቡር ሐዲድ ኮሚሽን የሚቈጣጠራቸው የጋዝ ባለቤቶች ግን በመጀመሪያ ጊዜ 150 ዶላር ከፍለው ከግዴታው ለመውጣት የሚችሉበት ቀዳዳ ተትቶላቸው ነበር፤ ቀዳዳው በኋላ ቢጠብም፥ የተከፈተበት ምክንያት ግን ሊረሳ አይገባም።

ከወዲያኛው ወገን ደግሞ ጉድጓዶቹ ሁሉ ዛሬውኑ ይዘጉ የሚሉ አሉ። በምዕራብ ቴክሳስ ባለው በፐርሚያን የዘይት መስክ ከዘይቱ ጋር የሚወጣውን ጋዝ ቧንቧ የለም እያሉ ማቃጠል ኃጢአት ነው፥ መከልከልም ይገባዋል፤ በዚህ ከእነርሱ ጋር ነኝ። ነገር ግን መኪናው ቤንዚን እስከ ጠጣ ድረስ የቴክሳስን ጉድጓድ መዝጋት ዘይቱን ከሌላ አገር ማስመጣት ብቻ ነው፥ ከዘይት 4.6 በመቶ፥ ከጋዝ 7.5 በመቶ የሚሰበሰበውን የግዛቲቱን ግብርም ያጠፋል። አስቀድሞ መሄድ ያለበት ከሰሉ ነው፤ እርሱንም እያስወጣው ያለው ነፋሱና ፀሐዩ ናቸው።

በ2025 በኦስቲን የሕግ መወሰኛ ምክር ቤቱ ነፋስና ፀሐይን ለማዳከም የታሰቡ ሕጎችን አሳልፎ፥ በታችኛው ምክር ቤት ሳይጸድቁ ቀሩ፤ ከተቃወሟቸውም መካከል ኪራይ የሚቀበሉ የገጠር ባለ መሬቶች ነበሩ። በዚያው ዓመት በኤፕሪል የሕዝብ አገልግሎት ኮሚሽን፥ በቴክሳስ ከዚህ በፊት ያልነበረ ባለ 765 ኪሎቮልት መስመር ወደ ፐርሚያን የዘይት መስክ እንዲዘረጋ ወሰነ። ነገሩን ልብ ብሎ ለሚያየው፥ ከ2005ቱ ተገልብጦ የተጻፈ ይመስላል፤ ያን ጊዜ መስመሩ የምዕራቡን ነፋስ ወደ ከተማ ለማምጣት ነበር፥ አሁን ግን የዘይት ባለቤቶቹ በናፍጣና በጋዝ ይሠሩ የነበሩትን መሳቢያዎች በኤሌክትሪክ ለማሠራት ስለ ፈለጉ ኤሌክትሪክ ወደ ምዕራብ ይሄዳል፥ ከሚሄደውም ብዙው ከነፋስና ከፀሐይ የተገኘ ይሆናል። ባላንጣዎች የተባሉት አንዱ ለሌላው ደንበኛ ሊሆን ነው። መስመሩ መሠራቱን እኔ እደግፋለሁ፤ የማልስማማው በክፍያው ነው። በቴክሳስ የማስተላለፊያ ወጪ የሚከፋፈለው ከጁን እስከ ሴፕቴምበር ባሉት አራት ወሮች፥ በየወሩ ፍጆታው እጅግ ከፍ ባለበት በአንዲት ሩብ ሰዓት እያንዳንዱ ምን ያህል እንደ ተጠቀመ ተለክቶ ነው፤ ታላላቆቹ ተጠቃሚዎች ያችን ሩብ ሰዓት አስቀድመው የሚገምቱላቸው ባለሙያዎች ቀጥረው ማሽናቸውን ለዚያች ጊዜ ብቻ ያጠፋሉ፥ ድርሻቸውም ይቀንሳል። በኦገስት ከቀኑ በአሥራ አንድ ሰዓት፥ ልጆቿን ከትምህርት ቤት አምጥታ እራት የምትሠራ እናት ግን ኤርኮንዲሽነሩን አታጠፋም፤ የነፋሱ መስመር ርካሽ ኃይል ወደ ቤቷ ስላመጣላት ድርሻዋን መክፈሏ የተገባ ነበር፥ ይህኛው መስመር ግን በመጀመሪያ ደረጃ የሚያገለግለው የዘይቱን መስክ ነውና፥ በ2025 የወጣው ሌላ ሕግ ኮሚሽኑ ይህን ስሌት እንዲመረምር ባዘዘው መሠረት፥ የሩብ ሰዓቱ መለኪያ ቀርቶ መስኩ በዓመት ለሚወስደው ኃይል ሁሉ እንዲከፍል ሊደረግ ይገባል።